የማን ልጅ ነው?

ባለፈው ዓመት አዲስ አበባ ውስጥ ቡና ቆልቶ ለሚሸጥ አንድ አነስተኛ ድርጅት ድረ ገጽ ሠርቼ ነበር። ሥራው ሁለት ሳምንት ፈጀ። ከዚያ ውስጥ ‹‹ስለ እኛ›› የሚለውን ገጽ የጻፍኩት በምሳ ሰዓት፣ በሃያ ደቂቃ ነው። ታሪኩን እናንተም ታውቁታላችሁ። በካፋ ጫካ ካልዲ የሚባል እረኛ ነበር፤ ፍየሎቹ ቀይ ፍሬ በልተው ጨፈሩ፤ እሱም ቀመሰ፤ ወደ ገዳም ወሰደው፤ መነኩሴው ‹‹የሰይጣን ሥራ ነው›› ብሎ እሳት ውስጥ ጣለው፤ ሽታው አወደ፤ ዓለም ከእንቅልፉ ነቃ። ደንበኛዬ በጣም ወደደው። የምትጨፍር ፍየል አርማም አሠራበት።

ከጥቂት ወራት በኋላ ለገጹ ፎቶ ለማንሳት አብረን ወደ ቦንጋ ወረድን። ከጅማ አልፈህ ጎጀብን ስትሻገር አየሩ ራሱ ይለወጣል። መንገዱ ይጠማዘዛል፣ ጉሙ ይወርዳል፣ ጫካው ከግራም ከቀኝም ይጠጋሃል። ከቦንጋ ወጣ ብሎ ባለ አንድ ቀበሌ፣ ቡናቸውን የሚያቀርቡልን አንድ ሽማግሌ ቤታቸው አስገቡን። ቡና ተፈላ። እኔም ሥራዬን ላሳያቸው ፈልጌ ስልኬን አወጣሁና ገጹን በአማርኛ አነበብኩላቸው። ጸጥ ብለው አዳመጡኝ።

‹‹ካልዲ?›› አሉ በመጨረሻ። ‹‹የማን ልጅ ነው?››

‹‹እረኛው ነው አባባ። ቡናን ያገኘው።››

‹‹እሱንማ ሰማሁህ ልጄ። የማን ልጅ ነው? ጎሳው ምንድነው?››

ሳቅኩ። እሳቸው አልሳቁም። ቁም ነገር ነው የጠየቁኝ። በእሳቸው አገር ሰው ከሆንክ ከአንድ ቤት ተወልደሃል፤ ቤትህም ከአንድ ጎሳ ነው። አባት የሌለው ስም ወይ የእንግዳ ስም ነው፣ ወይ የማንም አይደለም። መልስ አልነበረኝም። ስመለስ መፈለግ ጀመርኩ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ያገኘሁት ነገር አሳፈረኝ። የሚጨፍሩት ፍየሎች ቀድመው በጽሑፍ ከሚታዩባቸው ቦታዎች አንዱ በ1671 ሮም ውስጥ በላቲን የታተመ ትንሽ መጽሐፍ ነው። ጸሐፊው ፋውስቶ ናይሮኒ የሚባል፣ ሮም የሚያስተምር ማሮናዊ ነው። በእሱ መጽሐፍ ውስጥ እረኛው ስም የለውም። እንስሶቹም ግመሎች ናቸው፤ አንዳንዶች ፍየሎች ናቸው ይላሉ ብሎ ያልፋል። ቦታው ደግሞ የመን ነው። ካፋ የለም። ኢትዮጵያም የለችም። ካልዲም የለም። ስሙን ብዙዎቻችን ያገኘነው ከሁለት መቶ ሃምሳ ዓመት በኋላ ነው፤ አሜሪካዊው ዊሊያም ዩከርስ በ1922 ባሳተመው ትልቅ የቡና መጽሐፍ ውስጥ ካልዲና የሚጨፍሩ ፍየሎቹ በአንድ ፈረንሳዊ ሠዓሊ ተስለው ቁጭ ብለዋል። የማን ልጅ ነው ለሚለው ጥያቄ መልሱ እንግዲህ ይኸው ነው፦ ካልዲ የወረቀት ልጅ ነው። ቦንጋ ላይ የካፋ ሰው ለሆኑት ሽማግሌ ያነበብኩላቸው ሮም ተጽፎ፣ አውሮፓ ተስሎ፣ በእንግሊዝኛ ተስፋፍቶ የተመለሰ ተረት ነበር።

ስፈልግ ሌላ ስም አገኘሁ። ይህ ጽሑፍም በእሱ ምክንያት ነው የተጻፈው።

አንትዋን ጋላን ፈረንሳዊ ነው። ዐረብኛ፣ ቱርክኛና ፋርስኛ የተማረ፣ ቁስጥንጥንያ የኖረ ሰው። ዓለም የሚያውቀው ሺህ አንድ ሌሊትን ከ1704 ጀምሮ ወደ ፈረንሳይኛ በመመለሱ ነው። ጂኒዎች፣ የሚበር ምንጣፍ፣ ‹‹ተከፈት!›› ሲሉት የሚከፈት ዋሻ፤ የአውሮፓ አንባቢ እነዚህን ነገሮች ከጋላን እጅ ነው የተቀበለው። ከእሱ በኋላ የመጡት የፈረንሳይ የጂንና የአስማት ልብ ወለድ ጸሐፊዎች ብዙ ዕዳ አለባቸው። ብዙ ሰው የማያውቀው ግን ጋላን ከዚያ አምስት ዓመት ቀድሞ፣ በ1699፣ ስለ ቡና አመጣጥ አንድ መጽሐፍ ማሳተሙን ነው። መጽሐፉ በአብዛኛው የተወሰደው አብዱልቃድር አልጀዚሪ የሚባል ሰው በ16ኛው መቶ ዘመን ከጻፈው የዐረብኛ ጽሑፍ ነው።

በዚያ የዐረብኛ ጽሑፍ ውስጥ አንድ የኤደን ሼኽ ባሕር ተሻግሮ ‹‹የአጀም ምድር›› ይሄዳል፤ እዚያ ሰዎች ቡና ሲጠቀሙ ያያል። ‹‹አጀም›› ማለት ዐረብ ያልሆነ ማለት ነው። ቃሉ ብዙ ጊዜ ለፋርስ ይውላል፤ የየመን ሰው ከባሕሩ ማዶ ስላለው ሲናገር ግን የእኛን ጎን ማለቱ ነው፣ የሐበሻንና የሶማሌን ምድር። ጋላን ‹‹ፋርስ›› ብሎ ተረጎመው። በአንድ ቃል ቡና ጠጪዎቹ ከአፍሪካ ቀንድ ተነሥተው ኢራን ገቡ! ተንኮል አልነበረበትም፤ ስህተት ነው። ግን ኮድ የጻፈ ሰው ያውቀዋል፤ ትንሿ ስህተት ማንም ሳያያት ሌላው ሁሉ በላይዋ ላይ ይገነባል። ሊኔዬስ በ1753 ለዛፉ ሳይንሳዊ ስም ሲሰጠው ‹‹አራቢካ›› አለው። ዛሬ የአራቢካ ወላጆች ሁለት ሌሎች የቡና ዝርያዎች፣ ካኔፎራና ዩጂኒዮይደስ፣ እንደሆኑ እናውቃለን፤ የዱር ዘሩ ብዝኃነትም በዋናነት በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ጫካዎች እንደሚገኝ እናውቃለን። ዛፉ የማን ልጅ እንደሆነ ለሽማግሌው መመለስ እችላለሁ ማለት ነው። ስሙ ግን እስከ ዛሬ ዐረብ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ነገር። ጋላን እጁ ላይ የነበረው የሺህ አንድ ሌሊት ጽሑፍ አለቀበት። አንባቢ ግን ገና ይፈልጋል። በ1709 ፓሪስ ውስጥ ከአንድ ወጣት ጋር ተገናኘ። ሐና ዲያብ ይባላል፤ የአሌፖ ሰው፣ ሃያ ዓመት ገደማ የሆነው፣ ፖል ሉካ የሚባል ፈረንሳዊ ተጓዥን ተከትሎ የመጣ። ዲያብ ተረት ያውቃል። ለጋላን ከአሥር በላይ ተረቶች ነገረው፤ ከእነሱ መካከል አላዲንና አሊ ባባ ይገኛሉ። አዎ፣ ያ አላዲን። ከጋላን በፊት የተጻፈ የአላዲን የዐረብኛ ቅጂ እስከ ዛሬ አልተገኘም። ጋላን በግል ማስታወሻው ዲያብን ጠቅሶታል፤ በቀን በቀኑ ምን እንደነገረው ጽፏል። በታተመው መጽሐፍ ላይ ግን የዲያብ ስም የለም። ዲያብ ወደ አሌፖ ተመለሰ፣ ጨርቅ ነጋዴ ሆነ፣ በስተርጅናው የጉዞ ትዝታውን ጻፈ። ትዝታው በቫቲካን ቤተ መጻሕፍት ተቀምጦ ኖረ። የመጀመሪያ ገጾቹ ስለጠፉ የማን እንደሆነ የታወቀው ከውስጡ ተነብቦ ነው። በፈረንሳይኛ የታተመው በ2015 ነው፤ ተረቱን ከነገረ ከሦስት መቶ ዓመት በኋላ።

ጥያቄዬ ይሄ ነው። ጋላን ዲያብን በድሎታል ወይስ አልበደለውም?

ለጋላን መከራከር ይቻላል። አንደኛው ክርክር ተረት ባለቤት የለውም የሚል ነው። ዲያብም ከሌላ ሰምቶት ይሆናል፤ ያም ከሌላ። እውነት ነው። ግን የእኛ ተረት አነጋገር ራሱ ይህን ያህል ግድ የለሽ አይደለም። ልጅ ሆነን ተረት ሲያልቅ ተራኪው ምን ይል ነበር? ‹‹ተረቴን መልሱ፣ አፌን በዳቦ አብሱ።›› አስቡት እስቲ። ተረቱ የእኔ ነው አይልም፤ ከእኔ ሰምታችኋል ነው የሚለው። ስለዚህ አንድ ነገር አለባችሁ፤ ወይ ሌላ ተረት፣ ወይ ዳቦ። ተረት ንብረት ላይሆን ይችላል፤ ዕዳ ግን ይዞ ይመጣል።

ሁለተኛው ክርክር ‹‹ዘመኑ ነው›› የሚለው ነው። ያኔ ነጋሪን መጥቀስ ልማድ አልነበረም ይባላል። ለዚህ መልስ የሚሰጠን ራሱ ሌላ ፈረንሳዊ ነው። ዣክ ካዞት በ1772 ‹‹አፍቃሪው ሰይጣን›› የሚል አጭር ልብ ወለድ አሳተመ፤ ብዙዎች የፈረንሳይ ፋንታስቲክ ሥነ ጽሑፍ ከእሱ ይጀምራል ይላሉ። እሱም ከአሥራ ስድስት ዓመታት በኋላ ለሺህ አንድ ሌሊት ተከታይ አወጣ፤ እሱም የዐረብኛ ተናጋሪ አጋር ነበረው፣ ዶም ሻቪ የሚባል ከሶርያ ምድር የመጣ መነኩሴ። ልዩነቱ የሻቪ ስም ከካዞት ስም ጋር በርዕስ ገጹ ላይ መታተሙ ነው። ያው ዓይነት ሥራ፣ ያው አገር፣ ሰማንያ ዓመት ባልሞላ ልዩነት። የሚያስፈልገው አንድ መስመር ብቻ ነበር።

ሦስተኛው ክርክር ጠንካራው ነው። ጋላን ለፍቷል፤ አጭር ማስታወሻ ይዞ ሙሉ ታሪክ የጻፈው፣ ቋንቋውን ያሳመረው እሱ ነው። ይህን አልክድም። እኔ ራሴ በየቀኑ የማላውቃቸው ሰዎች የጻፉትን ኮድ ወስጄ በላዩ ላይ እሠራለሁ፤ በዚህም አላፍርም። ብዙዎቹ ነጻ ናቸው። ኤምአይቲ የሚባለውን ፈቃድ ብትወስዱ፣ ሸጣችሁ ብሉ፣ ለውጡት፣ የፈለጋችሁትን አድርጉት ይላል፤ የሚጠይቀው የባለቤትነት ማስታወቂያውንና የፈቃዱን ጽሑፍ አብራችሁ እንድታስቀምጡ ብቻ ነው። ሰዎች ልፋታቸውን በነጻ ሰጥተው ስማቸውን ብቻ ሲጠይቁ ምን ማለታቸው ነው? ገንዘብ አይደለም። ‹‹እኔ እዚህ ነበርኩ›› ማለታቸው ነው። ጋላን የዲያብን ተረት መውሰዱ በደል አይደለም። ‹‹እዚህ ነበርኩ›› የሚለውን መደምሰሱ ነው በደሉ።

እዚህ ድረስ ስደርስ ደስ ብሎኝ ነበር። ጥፋተኛው ፈረንሳዊ፣ ተበዳዩ እንደኛ ያለ ሰው። ያለቀ ነገር መሰለኝ። ከዚያ ‹‹ስለ እኛ›› ገጼ ትዝ አለኝ።

እኔ ምን አደረግሁ? የሮም ተረት ወስጄ የካፋ ነው አልኩ። ናይሮኒን አልጠቀስኩም። ይሄ ትንሹ ነው። ትልቁ በካልዲ ምክንያት ማን እንደተሸፈነ አለማየቴ ነው። ካፋ ነገሥታት የነበሯት አገር ነበረች። የመጨረሻው ንጉሥ ጋኪ ሸሮቾ በ1897 በራስ ወልደ ጊዮርጊስ ጦር እስኪማረክ ድረስ ራሷን ችላ ትተዳደር ነበር። ጫካውን የሚያውቁ፣ የትኛው ዛፍ ለቡና ጥላ እንደሚሆን፣ ፍሬው መቼ እንደሚለቀም፣ ከማር፣ ከኮረሪማና ከእንሰት ጋር እንዴት እንደሚኖር የሚያውቁ ትውልዶች ነበሩ። በካፍኛ ቡና ‹ቡኖ› ነው። ያ ጫካ ዛሬ የቆመው ደግሞ የሚጠብቀው ሰው ስለነበረ ነው፤ ዩኔስኮ በ2010 የመዘገበው የካፋ ባዮስፌር ስፍራ የሰው እጅ ያልነካው ምድረ በዳ አይደለም።

የካልዲ ተረት ይህን ሁሉ ምን ያደርገዋል? ወደ ዕድል ይለውጠዋል። ቡናን ያወቀችው ፍየል ናት። እረኛው ተከተላት። መነኩሴው ተረዳው። የትውልዶች ዕውቀት የአንድ ከሰዓት አጋጣሚ ሆነ። ለዚህ ይመስለኛል ተረቱ የሩቅ ገዢ የሚወደው፤ አጋጣሚ ዋጋ አይጠይቅም። የለፋ ሰው ግን ይጠይቃል።

በሥራዬ ይህን የሚያስረዳኝ አንድ ነገር አለ። ዳታቤዝ ውስጥ የማታውቀውን መረጃ ባዶ መተው ትችላለህ። ባዶ ቦታ ያስጠላል፤ ገጹ ላይ ሲወጣ ያስቀይማል። ስለዚህ ሰነፍ ፕሮግራመር የሆነ የማይረባ ነገር ይሞላበታል፤ የትውልድ ቀን ካልታወቀ ጃንዋሪ 1 ይላል። ያኔ አደጋው ይጀምራል። ባዶ ቦታ ያየ ሰው ይጠይቃል፣ ይፈልጋል። የተሞላ ቦታ ያየ ሰው ግን አይጠይቅም። ካልዲ የእኛ ጃንዋሪ 1 ነው። ተረት መሆኑ ጥፋት አይደለም፤ አላዲንም ተረት ነው፤ ማንም ተጎድቶበት አያውቅም። ተረት ወደ ሐሰት የሚለወጠው የሰው ስም መቀመጥ ባለበት ቦታ ላይ ሲቀመጥና ፍለጋውን ሲያስቆም ነው።

ነገሩን እዚህ ላይ ብጨርሰው ንጹሕ ይሆን ነበር። አልቻልኩም። ምክንያቱም የሽማግሌው ጥያቄ ራሱ ንጹሕ አይደለም።

‹‹የማን ልጅ ነው?›› በካፋ ሰውን ለማክበር የሚጠየቅ ጥያቄ ነው። ሰውን ለማግለልም ተጠይቆበታል። ማንጆ የሚባሉ ሰዎች በዚያው ምድር ይኖራሉ፤ በአደን፣ በጫካ ማር፣ በእንጨትና በከሰል የኖሩ ናቸው። ለረጅም ዘመን ከሌላው ጋር በአንድ ማዕድ አልቀረቡም፤ በአንድ ዕቃ አልጠጡም፤ ጋብቻውማ አይታሰብም። ይህ በተመራማሪዎች የተጻፈ፣ እስከ ዛሬም ጨርሶ ያልጠፋ ነገር ነው። ጫካውን እንደ እጃቸው መዳፍ ከሚያውቁት መካከል እነሱም አሉ። ታዲያ ለጥንቱ የቡና ሰው ስም እንፈልግ ስንል፣ ያገኘነው ስም ሲኒ የማናቀርብለት ሰው ስም ቢሆንስ? ቡናን ማን እንዳገኘ ማንም አያውቅም፤ እነሱ ናቸውም አልልም። የምለው ሌላ ነው። የዲያብ ስም ይመለስ እያልኩ ከጎረቤቴ ጋር ሲኒ ካልተጋራሁ፣ የምፈልገው ፍትሕ አይደለም፤ የራሴን ድርሻ ብቻ ነው።

ይህንን አዲስ አበባ ተቀምጬ ለካፋ ሰው ስብከት ለመስጠት አላነሣሁትም። እኔም ‹‹የየት ነህ?›› የሚለው ጥያቄ ሲከብድ ያየሁ የዚህ ዘመን ልጅ ነኝ። በዚህ አገር የአባት ስም ምን ያህል እንደሚያስከብርና ምን ያህል እንደሚያስፈራ ለእናንተ መንገር አያስፈልግም። ስለዚህ ‹‹ምንጩን ጥቀሱ›› የሚለው ሕግ ብቻውን አይበቃም። ስም መጥራት ሁለት ዓይነት ነው። አንዱ አጥር ነው፤ ‹‹ይሄ የእኛ ነው፣ አንተ ውጣ›› ይላል። ሌላው ምስጋና ነው፤ ‹‹ይሄን ከአንተ ተቀበልኩ›› ይላል። ቃሉ አንድ ሊሆን ይችላል። የሚለየው ከተጠራ በኋላ የሚሆነው ነው፤ ሲኒው ይቀርባል ወይስ ይነሣል?

ገጹን እንደገና ጻፍኩት። ካልዲን አልሰረዝኩትም፤ ተረት ነው፣ ከሮም የመጣ ነው፣ መጀመሪያ ላይ ስምም አልነበረውም ብዬ አስቀመጥኩት። ከሥሩ ስለ ጫካው፣ ስለ ቡኖ፣ ስለሚለቅሙት ሰዎች ጻፍኩ። ‹‹ቡናን መጀመሪያ ያወቁትን ሰዎች ስም አናውቅም›› የሚል አንድ ዓረፍተ ነገር ብቻውን በአንድ መስመር ተውኩ። ባዶውን ባዶ አልኩት።

ደንበኛዬ አነበበው። ‹‹ቆንጆ ነው›› አለኝ፤ ቀጥሎም ‹‹ግን አናውቅም የሚል ሰው ዕቃ ይሸጣል እንዴ?›› አለ። ተከራከርን። ገንዘቡ የእሱ ነው፣ ገጹም የእሱ ነው። በመጨረሻ ተስማማን፦ ፍየሏ አርማው ላይ ትቀራለች፣ ጽሑፌ ደግሞ ከሥር ‹‹ተጨማሪ ያንብቡ›› ከሚለው በስተጀርባ ይሆናል። ስንት ሰው እንደሚጫነው ቁጥሩን አያለሁ፤ ብዙ አይደለም። አሸንፌያለሁ ማለት አልችልም።

ቦንጋ ላሉት ሽማግሌ ግን ስልክ ደወልኩ። ካልዲ የማንም ልጅ እንዳልሆነ፣ ፈረንጅ በወረቀት ላይ የወለደው መሆኑን ነገርኳቸው። ትንሽ ዝም አሉ።

‹‹ታዲያ እንግዳ ነዋ›› አሉኝ። ‹‹እንግዳ ከሆነ ቡና ይጠጣ። የቤቱ ባለቤት ነኝ እንዳይል ብቻ።››